«ኮልድ» የሚለው ቃል፣ ተመሳሳዮቹና ተቃራኒዎቹ



ለአምባ ጊዮርጊስ ልጅ ስለ ብርድ ለመንገር መነሣት ለቀበሮ ጉድጓድ እንደ ማሳየት ይቈጠርብን ይሆናል። ከተማችን ከጎንደር ወደ ደባርቅ በሚወስደው መንገድ ላይ፣ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 3000 ሜትር በሚጠጋ ከፍታ ላይ የተቀመጠች ናትና ብርድ ምን እንደ ሆነ ለማወቅ መምህር አያሻንም። ዳሩ ግን በዚች ጽሑፍ የምናወሳው ስለ ብርዱ ሳይሆን ስለ ስሙ ነው። ይኸውም በእንግሊዝኛ «ኮልድ» ስለሚባለው ቃል፣ በትርጉም ስለሚቀርቡትና ስለሚቃረኑት ቃላት ነው። የእንግሊዝኛውን ቃል ሁሉ በገዛ ፊደላችን ጽፈነዋል፤ የላቲኑን አጻጻፍ ከመዝገበ ቃላት እየተመለከታችሁ በደብተራችሁ ኅዳግ ላይ እንድታሰፍሩት አደራ እንላለን።

ይህን ርእስ የመረጥነው ያለ ምክንያት አይደለም። ዩኒቨርሲቲ የገባን የዚህ ሰንበት ትምህርት ቤት ልጆች ለእረፍት ስንመለስ ታናናሾቻችንን እናስጠናለን። በብዙዎቹ ደብተር ውስጥ ከአንዱ ወደ ሌላው ሲገለበጥ የኖረ አንድ ዐይነት ሰንጠረዥ እናገኛለን፤ «ኮልድ» እኩል ይሆናል «ኩል»፣ እኩል ይሆናል «ችሊ»፣ እኩል ይሆናል «አይሲ»፣ እኩል ይሆናል «ፍሪጂድ» ይላል። ከግርጌው ደግሞ ተቃራኒ «ሆት» ተብሎ ያበቃል። የእኩልነት ምልክት ለሒሳብ እንጂ ለቃላት እምብዛም አይሆንም። ልጁ ሰንጠረዡን በቃሉ ወጥቶ ፈተና ላይ ሲቀመጥ አራቱም «ተመሳሳይ» ቃላት በምርጫ ተደርድረው አንዱን ብቻ ምረጥ ይሉታል።

እንደሚታወቀው ከ9ኛ ክፍል ጀምሮ የሚማረው ሁሉ በእንግሊዝኛ ስለሆነ የቃሉ ጕድለት በእንግሊዝኛ ክፍለ ጊዜ ብቻ አይቀርም፤ ወደ ጂኦግራፊውም ወደ ባዮሎጂውም ይከተለዋል። በ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍልን ብሔራዊ ፈተና ከወሰዱት ተማሪዎች ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ፤ በ2016 ዓ.ም. 5.4 በመቶ ሆኑ። የዚህ ምክንያቱ ብዙ ነው፤ ሁሉንም በቋንቋ ላይ መጫን ግን ሐሰት ይሆናል። በክልላችን ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ በተነሣው ግጭት የተዘጋውን ትምህርት ቤት ብዛት የማያውቅ የለም። ቢሆንም መምህር አጥቶ ወረቀት ብቻ ይዞ የሚያጠና ልጅ በበዛበት ጊዜ ወረቀቱ ሲያሳስተው የሚያርመው አያገኝም። ስለዚህ አንዱን ቃል ብቻ ይዘን ጥቂት ጠለቅ ብለን ለማየት ወሰንን።

በመጀመሪያ ደረጃዎቹን እንመልከት። እንግሊዝኛ ከሙቁ ወደ ቀዝቃዛው ሲወርድ በየደረጃው የተለየ ቃል አለው፤ «ሆት»፣ «ዋርም»፣ «ሉክዋርም»፣ «ኩል»፣ «ኮልድ»፣ «ፍሪዚንግ» ይላል። እኛ ግን ብዙውን ጊዜ ቃሉን ሳንለውጥ ቅርጹን ብቻ እናላላዋለን። ቀዘቀዘ፣ ቀዝቀዝ አለ፤ ሞቀ፣ ሞቅ አለ እንላለን። ይህች «አለ» የምትባል ትንሽ ቃል በእኛ ዘንድ የምትሠራውን ሥራ እንግሊዝኛ ሌላ ቃል ቀጥሮ ያሠራዋል። ስለዚህ «ቀዝቀዝ ያለ» የሚለውን ለመተርጐም የተነሣ ተማሪ ሁለት ቃላት ተሰልፈው ይጠብቁታል፤ አንዱ «ኩል»፣ ሁለተኛው «ችሊ» ነው።

የሁለቱ ልዩነት ከቴርሞሜትር ላይ አይገኝም። ከመተማ ቆላ ሙቀት ወጥቶ ጎንደር የደረሰ ሰው የሚቀበለው አየር «ኩል» ነው፤ ደስ ይላል። ጋቢ ሳይደርብ ገና ሳይነጋ ለኪዳን የወጣ ልጅ የሚያገኘው አየር ግን «ችሊ» ነው፤ ያንቀጠቅጣል። ምናልባት በልኬት ሁለቱ አንድ ሊሆኑ ይችላሉ። ቃሉን የሚመርጠው ተናጋሪው የተሰማው ስሜት ነው ማለት ነው። «ፍሪዚንግ» ደግሞ በሳይንሱ ውኃ ወደ በረዶ የሚለወጥበት፣ ማለትም በሴንቲግሬድ ዜሮ የሚሆነው ነጥብ ሲሆን፣ በዘወትር ንግግር ግን «በብርድ ሞትሁ» እንደምንለው ማጋነኛ ነው። ደግሞም እኛ ኃይለኛ ብርድ እንላለን እንጂ መራራ ብርድ አንልም፤ እንግሊዞች ግን የኃይለኛ ብርድ ቅጽላቸው «ቢተር» ነው፤ ትርጉሙም መራራ ማለት ነው። «ስትሮንግ ኮልድ» ብሎ የጻፈ ልጅ ሰዋስው አልሳተም፤ ነገር ግን አንባቢው ወዲያው የውጭ አገር ሰው መሆኑን ያውቅበታል።

«ፍሪጂድ» የሚለውን ለብቻው እንየው። «ኮልድ» ጥንታዊ የእንግሊዞች የቤት ቃል ነው። «ፍሪጂድ» ግን ከላቲን የመጣ የመጽሐፍ ቃል ነው። እ.ኤ.አ. በ1066 ኖርማኖች እንግሊዝን ድል አድርገው ከያዙ በኋላ በፈረንሳይኛና በላቲን በኩል ብዙ ቃላት ስለ ገቡ፣ ለአንድ ነገር የቤትና የመጽሐፍ ሁለት ስም መኖሩ የተለመደ ሆነ። ይህ ለእኛ እንግዳ ነገር አይደለም፤ ግዕዝና አማርኛ እንዲሁ ጐን ለጐን ኖረዋል። ቤታችን «ብርድ» እንላለን፤ የሠለስቱ ደቂቅን ጸሎት ስንደግም ደግሞ «ቁር» እና «አስሐትያ» የሚሉ ቃላት እናገኛለን። ጧት ከቤት ሲወጣ «እማዬ፣ ዛሬ ቁር ነው» የሚል ልጅ ብትሰሙ ትስቁበታላችሁ። «ቱዴይ ኢዝ ፍሪጂድ» ብሎ ለጓደኛው የሚናገርም ከዚሁ ይቈጠራል።

ከብርድ ጋር የተያያዘ አንድ ሌላ ቃል ወገራን በተለይ ይመለከታል፤ እርሱም «በረዶ» ነው። በአማርኛችን ከሰማይ ከዝናብ ጋር እየተወረወረ ገብስና ባቄላ የሚመታውም በረዶ ነው፤ አልፎ አልፎ ራስ ደጀንን የሚያለብሰው ነጭ ብናኝም በረዶ ነው፤ ከማቀዝቀዣ ውስጥ የሚወጣው ጓልም በረዶ ነው። እንግሊዝኛ ሦስቱን ይለያቸዋል፤ የመጀመሪያው «ሄይል»፣ ሁለተኛው «ስኖው»፣ ሦስተኛው «አይስ» ነው። ማሳው በ«ስኖው» ተመታ ብሎ የጻፈ ተማሪ ስለ አንድ አውሮፓዊ አገር ክረምት የጻፈ ይመስላል። በጥቅምትና በኅዳር ሌሊት ጥርት ብሎ ሲያድር እሸቱን የሚያቃጥለው ውርጭ ደግሞ «ፍሮስት» ነው። (ለነገሩ ውርጭ አቃጠለው ማለታችን ራሱ አያስገርምም? ብርዱ የእሳትን ግስ ተዋሰ።) «ውርጭ» ከደጋ በላይ ላለው የአየር ጠባይ ክልልም ስም ነው፤ በእንግሊዝኛ በተጻፉ የአገራችን የጂኦግራፊ መጻሕፍት ደጋ፣ ወይና ደጋ፣ ቆላ፣ ውርጭ የሚሉት ስሞች ሳይተረጐሙ እንዳሉ ይገባሉ። አንዳንድ ጊዜ ትክክለኛው ትርጉም አለመተርጐም ነው።

እዚህ ላይ ስለ መዝገበ ቃላት ጥቂት እንበል። ተመሳሳይ ቃላትን በየወገናቸው ሰብስቦ በማሳተም ስሙ የሚነሣው ፒተር ማርክ ሮጄ የተባለ እንግሊዛዊ ሐኪም ነው። እ.ኤ.አ. በ1805 ለራሱ መጠቀሚያ የጀመረውን ዝርዝር በ1852፣ በ73 ዓመቱ አሳተመው፤ ስሙንም «ቴዞረስ» አለው። ቃሉ ከግሪክ የመጣ ሲሆን ትርጉሙ የሀብት ማከማቻ ማለት ነው። ግዕዝ የምትማሩ እንደምታውቁት «መዝገብ» ማለትም ይኸው ነው፤ የተደበቀ ሀብት፣ ዕቃ ቤት። እኛ «መዝገበ ቃላት» ስንል «ቴዞረስ» ካለው ሰው ጋር በሐሳብ ተገናኝተናል።

የእንግሊዝኛን ታላቅ መዝገበ ቃላት እ.ኤ.አ. በ1755 ያወጣው ሳሙኤል ጆንሰንም ለአገራችን እንግዳ አልነበረም። በ1735 የመጀመሪያ መጽሐፉ ሆኖ የታተመለት በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን ኢትዮጵያ የነበረው ፖርቱጋላዊው ኢየሱሳዊ ጀሮኒሞ ሎቦ የጻፈው የጉዞ ታሪክ ትርጉም ነው። ከመዝገበ ቃላቱ አራት ዓመት በኋላ ደግሞ «ራስላስ» የተባለውን የሐበሻ ልዑል ልብ ወለድ ጻፈ፤ ይህንንም ሲራክ ኅሩይ ወደ አማርኛ መልሰውታል። የእንግሊዝኛን ቃል በየዐረፍተ ነገሩ እያሳየ ያስረዳ ሰው ስለ እኛ አገር አንብቦ የጻፈ መሆኑ ለእኛ ደስ የሚል ነገር ነው፤ ያየው በሌሎች ዓይን ቢሆንም።

በእጃችን ከሚገቡት መካከል እ.ኤ.አ. በ1973 የታተሙ ሁለት መጻሕፍት አሉ። አንደኛው አምሳሉ አክሊሉ ከሞዝባክ ጋር ያዘጋጁት የእንግሊዝኛ አማርኛ መዝገበ ቃላት ነው። ሁለተኛው ፕሮፌሰር ቮልፍ ሌስላው ያዘጋጁት ሲሆን፣ ልዩ የሚያደርገው ቃሉን ብቻውን አለማስቀመጡ ነው፤ የእንግሊዝኛውን ቃል በአጭር ዐረፍተ ነገር አስገብቶ ዐረፍተ ነገሩን በአማርኛ ይመልሰዋል። ርእሱም ይህንኑ የሚገልጥ ነው። የቅኔ ቤት ተማሪ ይህን ዘዴ ያውቀዋል፤ ግስ አጥንቶ አያበቃም፣ አገባብ የሚባል ትምህርት ይጠብቀዋል። ግሱን በቃሉ የያዘ ሁሉ ቅኔ አይቈጥርም። ለእንግሊዝኛውም ከሰንጠረዡ ይልቅ አገባቡን እንመርጣለን።

አሁን ወደ ቃላችን እንመለስ፤ ሰው ላይ ሲደርስ ነገሩ ይጠነክራልና። በአማርኛ «ቀዝቃዛ ሰው» ስንል የማይቸኩል፣ ሥራው የሚዘገይ፣ ንግግሩ ለስለስ ያለ ሰው ማለታችን ነው። ነቀፌታ ካለበትም ቀላል ነው። በእንግሊዝኛ «ኮልድ» የተባለ ሰው ግን ፍቅርና ርኅራኄ የሌለው፣ የሰው ሐዘን የማይነካው ነው። አንድ ተማሪ መምህሩን ወይም አባቱን ሊያመሰግን ፈልጎ «ሂ ኢዝ ኤ ኮልድ ማን» ብሎ ቢጽፍ ሰድቧቸዋል። የሚፈልገው ቃል «ካም» ወይም «ኳይት» ነበር። «ኩል» ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው፤ በወጣቶች አፍ «ግሩም ነው»፣ «እሺ፣ ተስማምቻለሁ» እስከ ማለት ደርሷል። በደብዳቤና በፈተና ላይ ይህን ባንጠቀምበት እንመክራለን።

ገበያም እንዲሁ ነው። ሻጭና ገዢ የቀነሰበትን ገበያ «ቀዝቅዟል» እንላለን፤ እንግሊዞች «ስሎው» ይሉታል፣ ዘገየ ማለታቸው ነው። ጠብ ሲበርድም «ኮልድ» ሆነ አይባልም፤ «ካምድ ዳውን» ወይም «ኩልድ ዳውን» ይባላል። ይሁንና ቀዝቃዛ አቀባበልና ሞቅ ያለ ሰላምታ በሁለቱም ቋንቋዎች አንድ ዐይነት ናቸው። ማስተዋል ያለብን ለመጨረሻው «ዋርም» እንጂ «ሆት» አለመባሉን ነው።

ወደ ተቃራኒው ስናልፍ፣ «ኮልድ» ተቃራኒው «ሆት» ነው የሚለው ለውኃና ለአየር እውነት ነው። ለምግብ ሲሆን ግን «ሆት» ሁለት ትርጉም አለው፤ ከምድጃ የወጣውም «ሆት» ነው፣ በርበሬ የበዛበትም «ሆት» ነው። የኛ «ትኩስ» በበኩሉ በሌላ አቅጣጫ ይሰፋል። ትኩስ ነገር ጠጡ ስንል ሻይ ወይም ቡና ነው፤ «ሆት» ይሆናል። ትኩስ ሥጋ ስንል ግን ዛሬ የታረደ ማለታችን ነውና «ፍሬሽ» ይሆናል፤ ተቃራኒውም ቀዝቃዛ ሳይሆን የሰነበተ ነው። ስለዚህ ተቃራኒን የሚወስነው ቃሉ ብቻ አይደለም፤ አብሮት የሚሄደው ስምም ነው።

ሁሉም ተቃራኒ አንድ ዐይነት አለመሆኑንም በዚሁ አጋጣሚ እንወቅ። በሕያውና በሙት መካከል ሌላ ደረጃ የለም። በመበደርና በማበደር መካከል ያለው ደግሞ ሁለት ሰዎች አንዱን ነገር ከሁለት ወገን ማየታቸው ነው፤ አማርኛ ከአንድ ሥር ሲያወጣቸው እንግሊዝኛ «ቦሮው» እና «ሌንድ» የሚሉ ዝምድና የሌላቸው ቃላት አሉት። በሙቅና በቀዝቃዛ መካከል ግን ብዙ ደረጃዎች አሉ። በዮሐንስ ራእይ ለሎዶቅያ ቤተ ክርስቲያን በተላከው መልእክት ላይ የተነቀፈው ይኸው መካከለኛው፣ ለብ ያለው ነው። በእንግሊዝኛ «ሉክዋርም» ይባላል። ከተማይቱ አጠገብ የነበረችው ሂራጶሊስ በፍል ውኃዋ የታወቀች ነበረች፤ ፍል ውኃ ለፈውስ፣ ቀዝቃዛ ውኃ ለጥም ይሆናልና በዚያ ስፍራ «ኮልድ» የክፋት ስም ሳይሆን ከሁለቱ ጠቃሚዎች አንዱ ነው የሚሉ ተርጓሚዎች አሉ። ሰንጠረዡን ብቻ የያዘ አንባቢ ግን ሙቅ መልካም፣ ቀዝቃዛ ክፉ ብሎ ይዘጋዋል።

ከሁሉ ይልቅ ልናስታውሳችሁ የፈለግነው የሕመሙ ነገር ነው። ከመካከላችሁ የጤና ትምህርት የሚመርጡ እንደሚኖሩ እናውቃለን፤ ጎንደርም የዚህ ትምህርት ጥንታዊ ቦታ ነው። በደምቢያ ሜዳ እ.ኤ.አ. በ1953 የወባ ወረርሽኝ ብዙ ሕዝብ ከጨረሰ በኋላ፣ በ1954 የጎንደር የሕዝብ ጤና ኮሌጅ ተቋቋመ፤ ዛሬ የጎንደር ዩኒቨርሲቲ ሆኗል። ከዚያን ጊዜ ጀምሮ በሽተኛው በአማርኛ ይናገራል፣ ካርዱ በእንግሊዝኛ ይጻፋል። በሁለቱ መካከል ያለው የትርጉም ድልድይ አንድ ወጣት ባለሙያ ነው።

አንዲት እናት ሕፃን አዝላ መጥታ «ልጄን ብርድ መታብኝ» አለች እንበል። በሰንጠረዡ መሠረት ብርድ «ኮልድ» ነው፤ በእንግሊዝኛ ደግሞ «ኤ ኮልድ» ማለት ጉንፋን ነው። ጉንፋን በቫይረስ የሚመጣ፣ አብዛኛውን ጊዜ በራሱ የሚለቅ በሽታ ነው። በነገራችን ላይ እኛን ጉንፋን ይይዘናል፤ እንግሊዞች ግን እነርሱ ጉንፋኑን ያዝን ይላሉና «ኮልድ ኮት ሚ» ሳይሆን «አይ ኮት ኤ ኮልድ» ነው የሚባለው። እናቲቱ ግን «ብርድ» ያለችው ጉንፋን ላይሆን ይችላል። በአገራችን ብርድ የሚባለው የመገጣጠሚያ ቍርጥማትም ነው፣ የጐን ውጋትም ነው፣ ከሁሉ የከፋው ሕክምናው «ኒሞኒያ» የሚለው የሳንባ ሕመምም ነው። ይህ በሽታ በአገራችን ከአምስት ዓመት በታች ያሉ ሕፃናትን ከሚገድሉት ዋናዎቹ አንዱ ነው። ቃሉ ይበልጥ የሚያምታታው፣ እናቶች ብርድ የሚሉትን ይህን ሕመም የጤና ጽሕፈቶቻችን «የሳንባ ምች» ይሉታል። ምች ግን በሕዝቡ ዘንድ ዳማ ከሴ የሚጨመቅለት፣ ፀሐይ አመጣው የሚባል ሕመም ነው። አንዱን በሽታ አንዱ ከብርድ፣ ሌላው ከፀሐይ ስም ሰጠው።

እንግዲህ ባለሙያው «ኮልድ» ብሎ ጽፎ ቢሸኛት ሕፃኑ መድኃኒት ሳያገኝ ወደ ቤቱ ሊመለስ ነው። የሚያድነው እናቲቱ ያየችውን መጠየቅ ነው፤ እማማ ወይም እኅቴ ብሎ፣ ልጁ ቶሎ ቶሎ ይተነፍሳል ወይ? ሲተነፍስ ደረቱ ወደ ውስጥ ይሰረጕዳል ወይ? ብሎ መጠየቅ። የመጀመሪያው «ፋስት ብሪዚንግ»፣ ሁለተኛው «ቼስት ኢንድሮዊንግ» ተብሎ ይጻፋል።

ሌላም አለ። የወገራ ጐልማሳ ለሰሊጥ ሥራ ወደ መተማና ወደ ሑመራ ወርዶ ይመለሳል። ከተመለሰ በኋላ ተጠቅልሎ ተኝቶ «ብርድ ብርድ ይለኛል» ይላል። ቃሉ ሁለት ጊዜ መደገሙን ልብ በሉ። «በረደኝ» ያለ ሰው ልብስ ይደረብለታል፤ በእንግሊዝኛ «አይ አም ኮልድ» ነው። «ብርድ ብርድ አለኝ» ያለው ግን ፀሐይ ላይ ቢቀመጥም አይለቀውም፤ ይህ «ችልስ» ይባላል። በወባ ሕመም መጀመሪያ ይህ ብርድ ብርድ ማለት ይመጣል፣ ቀጥሎ ሰውነት እንደ እሳት ይግላል፣ ከዚያ ላብ ያጠምቃል። በአንድ አካል ላይ በአንድ ቀን ሁለቱ ተቃራኒዎች ይፈራረቃሉ ማለት ነው። ወባ በቆላ እንጂ በደጋችን እምብዛም ስለማትታወቅ፣ ቤተሰቡ የአምባ ጊዮርጊስ ብርድ ነው ብሎ ሁለትና ሦስት ቀን ሊያሳድረው ይችላል። ሁለት ጊዜ የተባለችውን አንዲት ቃል የሰማና የለየ ሰው ግን በዚያው ቀን ደም እንዲመረመርለት ያደርጋል።

ለመልመጃ የሚከተሉትን አምስት ዐረፍተ ነገሮች ወደ እንግሊዝኛ መልሳችሁ ለሚመጣው እሑድ ይዛችሁ ኑ። በአንዱም ቢሆን «ኮልድ» የሚለው ቃል ብቻውን አይበቃም።

1ኛ/ ዛሬ ገበያው ቀዝቅዟል።
2ኛ/ የጎረቤታሞቹ ጠብ በረደ።
3ኛ/ ትናንት ማታ በረዶ ገብሳችንን መታው።
4ኛ/ አጎቴ ቀዝቃዛ ሰው ነው፤ ሁሉም ይወደዋል።
5ኛ/ ወንድሜን ብርድ ብርድ ይለዋል።

አምስተኛውን ከመመለሳችሁ በፊት ወንድምየው ሰሞኑን ከየት እንደ መጣ ጠይቁ።